ከታች ያለው ሰላምታ ነው

ሰው ሲያየኝ እጄን የት እንደማስቀምጥ ይጠፋኛል። ከልጅነቴ ጀምሮ እንዲህ ነኝ። ስድስተኛ ክፍል ጨርሼ ትምህርት ያቆምኩ ጊዜ ሥራ የተገኘልኝ፣ ከፍርድ ቤቱ አጥር ውጭ ኒም ዛፍ ሥር ጠረጴዛ አውጥተው ማመልከቻ ከሚጽፉ ሽማግሌ ዘንድ ነበር። መጀመሪያ የለመንኳቸው ነገር ጀርባዬን ለመንገዱ ሰጥቼ እንድቀመጥ እንዲፈቅዱልኝ ነው።

«እንደ ወደድሽ» አሉኝ። «ወረቀት ፊት አይጠይቅም።»

ጋሼ እላቸው ነበር። አማርኛቸውና የእጅ ጽሑፋቸው በድሬዳዋ፣ በከዚራም በመጋላም ሰፈር የታወቀ ነው፤ ከእንግሊዝኛ ግን አንዲት ፊደል አያውቁም። ድሮ ይህ አያስቸግራቸውም ነበር። ከጣሊያን ጦርነት ወዲህ የውጭ አገር ሰዎች የንግድ ቤቶች በዙና ውላቸውንም ማስታወቂያቸውንም በእንግሊዝኛ እየጻፉ ይሰጡ ጀመር። ባለጉዳዩ ወረቀቱን በመሐረብ ቋጥሮ ይመጣል፤ ጋሼ ይገለብጡታል፣ ወደ ብርሃን ያነሡታል፣ መልሰው ያስቀምጡታል። እኔን የቀጠሩኝ ለዚህ ነው። «ስድስት ዓመት የተማርሽው አንድ ገጽ ለማንበብ አያንስም» አሉ። እንደሚያንስ አውቅ ነበር፤ ግን አልተናገርኩም።

የእኔ እንግሊዝኛ የትምህርት ቤት መጽሐፍ እንግሊዝኛ ነው። ገበሬው ወደ ገበያ ሄደ፤ ልጅቱ ውሃ ቀዳች፤ እንዲህ ያለ። ሁሉም በአንድ መስመር ያልቃል። የንግድ ቤቶቹ ወረቀት ሌላ ነው። አንዱ ዓረፍተ ነገር ይጀምርና ነጥቡ እስኪገኝ ስድስትና ሰባት መስመር ይሄዳል። የጀመረው ሰው መሃል ላይ ይጠፋል፤ ሌላ ሰው ይገባል፤ እሱም ይጠፋል። በደረቁ የደቻቱ ወንዝ አሸዋ ላይ እንደ መሄድ ነው፤ እግርን ያስገባል እንጂ አያራምድም።

ለዚህ መላ የሰጡኝ ጋሼ ራሳቸው ናቸው፤ ሳያውቁት። የእሳቸው ማመልከቻ የሚጀምረው በረጅም ክብር ነው፤ ለዙፋኑ ዕድሜ፣ ለዳኛው ጤና፣ ለችሎቱ ግርማ። የሚጨርሰውም እንዲሁ ነው፤ መሬት ስሞ፣ ከእግር ሥር ወድቆ፣ ረጅም ዕድሜ ተመኝቶ። ጉዳዩ፣ ማለትም አጥሩን ማን እንዳፈረሰው ወይም ላሟ የማን እንደሆነች፣ ከመሃል ሦስት አራት መስመር ነው። ለባለጉዳይ ሲያነቡለትም ላይኛውን «ይህ ክብር ነው»፣ ታችኛውን «ይህ ሰላምታ ነው» ብለው ያልፉታል። «ልጄ፣ ፍሬው መሃል ነው» ይሉኝ ነበር። «ላይና ታቹ ገለባ ነው። ግን ፍሬ ያለ ገለባ አያድግም።»

እኔም የእንግሊዝኛውን ወረቀት እንደዚሁ ማንበብ ያዝኩ። ከመሃሉ የገባኝን አወጣለሁ። ከላይና ከታች ያለውን፣ ያን ረጅሙን፣ ክብርና ሰላምታ ነው እላለሁ። ብዙ ጊዜ አልሳትኩም፤ ወይም መሳቴን ያወቀብኝ አልነበረም። ሰዉ «እንግሊዝኛ የምታውቀዋ ልጅ» ይለኝ ጀመር። ስሙ ጣፈጠኝ። እሱ እየጣፈጠኝ ሲሄድ «አላውቅም» የሚለው ቃል ከአፌ እየራቀ ሄደ።

በቀፊራ ገበያ የግመል ወተት የምትሸጥ አንዲት ሶማሌ ሴት ነበረች። ልጅ ሆኜ ወባ ጥሎኝ ሆዴ ሌላ ነገር አልቀበል ያለ ጊዜ በእሷ ወተት ነው የዳንኩት። ጠዋት ጠዋት ቤታችን ጎራ ብላ «ጠጪ፣ አባዮ» ትለኛለች፤ እስክጨርስም ከራስጌዬ አትሄድም። አባዮ ማለት በእነሱ አፍ እህቴ ማለት ነው። እኔ ኤዶ እላታለሁ፤ አክስቴ እንደ ማለት።

ባሏ የአንድ የውጭ አገር ኩባንያ የቡናና የቆዳ መጋዘን ዘበኛ ነበር። መጋላ ዳር፣ ከመጋዘኑ ጀርባ፣ አንድ ክፍል ቤት ሰጥተውት ነበር። እሱም ከጎኗ በራሱ እጅ ሌላ ክፍል ጨመረ። ዓርብ ዓርብ ከስግደት መልስ እየሠራ ሁለት ዓመት ፈጀበት። ቆርቆሮውን አንድ በአንድ ገዛ፤ ወለሉን ከወንዙ ባመጣው ጠፍጣፋ ድንጋይ አነጠፈ፤ አረንጓዴ ቀለም የተቀባውን ባለ ሁለት ተከፋች በር ከፈረሰ ቤት ላይ አስነቅሎ በጋሪ አመጣው። ኤዶ ስለዚያ በር ስታወራ ስለ ሰው የምታወራ ይመስላል።

ባሏ ሲሞት ኩባንያው «ኑሪ» አላት፤ በቃል። ቆይቶ አዲስ ሥራ አስኪያጅ መጣና ነገሩ በጽሑፍ ይሁን አለ። በእንግሊዝኛ የተጻፈ አንድ ገጽ ወረቀት በሁለት ቅጂ ተሰጣት፤ አስነብባ፣ አውራ ጣቷን አትማ አንዱን እንድትመልስ።

ብቻዋን አልመጣችም። በእነሱ ወግ ወረቀት በምስክር ፊት ነው የሚነበበው፤ የሚቆጠረውም ጆሮ የሰማው ነው። የባሏን ወንድም ይዛ መጣች፤ የጭነት መኪና ሹፌር ነው፣ አማርኛውንም ሶማሊኛውንም ኦሮምኛውንም ይናገራል። ከመስጊድ ደግሞ ሁለት ሽማግሌዎች አብረዋት መጡ። ያን ቀን ጀርባዬን መስጠት አልቻልኩም፤ በዙሪያዬ ተቀመጡ።

አንደኛው ሽማግሌ ጢማቸውን በሂና ያቀሉ ተጫዋች ሰው ናቸው። «እንግሊዞቹ ሲሄዱ አፋቸውን ረስተው ሄደዋል ሲባል እሰማ ነበር» አሉ። «ለካ አንቺ ጋ አስቀምጠውት ነው!»

ሁሉም ሳቁ። እኔ ላቤ በጀርባዬ ይወርዳል።

መጀመሪያ በእንግሊዝኛው ጮክ ብዬ እንዳነበው ፈለጉ። አነበብኩ። ምንም ሳይገባቸው አንገታቸውን እየነቀነቁ ሰሙኝ፤ ከእነሱ ይልቅ እኔ ብዙ የገባኝ ይመስል። ከዚያ ትርጉሙን ጀመርኩ። ላይኛው ኩባንያው ማን እንደሆነ፣ እሷም የዘበኛው ሚስት እንደሆነች ይናገራል። መሃሉ በቤቱ መኖር እንደምትችል፣ ከግቢው ቧንቧ ውሃ እንደምትቀዳ፣ ጣሪያው ሲያፈስ ራሷ እንደምታሳድስ። የባሏ ወንድም ወደ ሶማሊኛ ይመልሰዋል፤ ኤዶ በየመሃሉ «አልሐምዱሊላህ» ትላለች። እስከዚህ ድረስ አልዋሸሁም።

ከዚያ በታች ስምንት መስመር ነበር። ስምንቱም አንድ ዓረፍተ ነገር ነው። የሚጀምረው ኖትዊዝስታንዲንግ በሚል ረጅም ቃል ነው፤ እንዲህ ያለ ቃል አይቼ አላውቅም። ጮክ ብዬ ሳነብም ግማሹን ውጬው ነበር።

«ከታች ያለውስ?» አለ የባሏ ወንድም።

አላውቅም ማለት እችል ነበር። የኩባንያው ጽሕፈት ቤት ሩቅ አይደለም፤ ጸሐፊው እንዲያስረዳ መጠየቅ ይቻል ነበር። ግን አምስት ሰው ያየኛል። ጋሼም እያዩኝ ነው፣ እንደ ኮራ አባት። ኤዶ እጇን ጉልበቷ ላይ አድርጋ ትጠብቃለች። ጆሮዬ ጋለ፤ አፌ ያገኘውን ቃል አወጣ።

«ሰላምታ ነው» አልኩ።

እሱም ይህንኑ በሶማሊኛ ነገራቸው። ባለ ሂናው ሽማግሌ እጃቸውን ደረታቸው ላይ አድርገው ወደ ወረቀቱ ጎንበስ አሉና «ወአለይኩሙ ሰላም» ብለው መለሱ። እንደገና ሳቅ ሆነ። ኤዶ እየሳቀች አውራ ጣቷን ከቀለሙ አስነክታ አተመች። ቀለም ባልነካው እጇ ራሴን ዳበሰችኝ። ከዚያ በኋላ ለአንድ ሳምንት ያህል ወተት በነፃ ወደ ቤታችን መጣ። ጠጣሁት።

ሰባት ወር ያህል አለፈ። አንድ ቀን ከቀትር በኋላ፣ ከተማው ከሙቀት እንቅልፉ ሲነቃ፣ ኤዶ አንድ ደብዳቤ ይዛ መጣች። አጭር ደብዳቤ ነበር፤ ስድስተኛ ክፍል ለጨረሰ ሰው የተጻፈ ይመስል ሁሉም ገባኝ። ኩባንያው ቤቱን ለሥራ ስለፈለገው በሠላሳ ቀን ውስጥ እንድትለቅ ይላል። ይህም በውሉ የመጨረሻ አንቀጽ መሠረት ነው ይላል።

የመጨረሻ አንቀጽ። እጄ በረደኝ፤ ድሬዳዋ ላይ፣ በዚያ ሰዓት።

«ምን ይላል?» አለች ኤዶ።

እዚህ ላይ ያደረግሁት ከመጀመሪያው ይብሳል። የመጀመሪያው አለማወቅ ነበር።

«ልቀቂ ይላል» አልኩ። «ቃላቸውን አጥፈው ነው።»

«ቃላቸውን!» አለች ኤዶ፤ ቆማ። «አንቺ አንብበሽልኝ! በሽማግሌ ፊት! ወላሂ፣ ሰላምታ ጽፎ የሚያስወጣ ሰው አይቼ አላውቅም!»

ጋሼ ብዕራቸውን አነሡ። ሲናደዱ ጽሑፋቸው የበለጠ ያምራል። ኩባንያው የገባውን ውል አፍርሶ ባል የሞተባትን ሴት ሜዳ ላይ ሊጥላት ነው ብለው ሁለት ገጽ ጻፉ፤ ክብሩም ሰላምታውም ከወትሮው ረዘም ያለ። እኔ ከጎናቸው ተቀምጬ ቀለም አቀብላቸዋለሁ። ማመልከቻው ገባ፤ ቀጠሮው ከሠላሳው ቀን በኋላ ሆነ። በቀጠሮው ቀን ዳኛው ውሉን አስተርጉሞ እንደሚያስነብበው ገባኝ። ያን ጊዜ ኤዶ በሰው ፊት ውሸታም ትሆናለች። የምትሆነውም ስለ እኔ ነው።

ጋሼ ከወንበራቸው ሥር በጆንያ የሚያስቀምጡት የነጋሪት ጋዜጣ ነበራቸው። ሕጉ በአንዱ ዓምድ በአማርኛ፣ በሌላው በእንግሊዝኛ ይታተማል። እሳቸው ወደ ምሳ ሲሄዱ እያወጣሁ ያን ረጅም ቃል እፈልግ ጀመር። በእንግሊዝኛው አገኘዋለሁ፤ ጣቴን በመስመሩ ላይ ወደ አማርኛው እወስዳለሁ። አማርኛውም ያው ረጅም ነው። ከብዙ ፍለጋ በኋላ ግን አንድ ነገር ያዝኩ፤ ያ ቃል ባለበት ሁሉ አማርኛው «ምንም እንኳ ቢኖር» ዓይነት ነገር ይላል። እንግዲህ ከላይ የተባለው ሁሉ ምንም እንኳ ቢኖር ማለት ነው። ከላይ ያለው ደግሞ እኔ ያነበብኩላት ነው። «አልሐምዱሊላህ» ያለችበት ሁሉ።

ከዚያ ወዲያ መሄድ አቃተኝ። ስለዚህ ወደ ድሮ መምህሬ ሄድኩ። ሕንዳዊ ነው፤ ከትምህርት ቤቱ አጠገብ ይኖራል፤ አማርኛው የተሰባበረ ነው፣ ሴቱንም ወንዱንም አንድ አድርጎ ይጠራል። ኤዶ ለማመልከቻው ብላ ጋሼ ዘንድ ከተወችው ቅጂ የገለበጥኩትን ስምንት መስመር አሳየሁት። የማን እንደሆነ አልነገርኩትም።

«ፈራህ?» አለኝ።

«አዎ፣ ቲቸር።»

«አንተ አትፍራ። የጻፈው ሰው ነው የፈራ። ዓረፍተ ነገር ቢዘጋ ሌላ ሰው በቀዳዳ ይገባል ብሎ ፈራ። ስለዚህ ሁሉ ነገር አንድ ቤት ውስጥ አስገባ። አሁን አንተ አውጣ። አንድ አንድ።»

እርሳስ ሰጠኝ። ትንፋሽ በሚያጥረኝ ቦታ ሁሉ እንዳሰምር አደረገኝ። ከዚያ በእያንዳንዱ ቁራጭ ላይ ይጠይቀኛል፤ ማን? ምን ያደርጋል? መቼ? ባያደርግስ? እኔ በአማርኛ እመልሳለሁ። ሁለት ጊዜ ተሳሳትኩ፤ ሁለቱንም ጊዜ እርሳሱን ወደ ኋላ መለሰው። አንድ ሰዓት እንኳ አልፈጀም። ስንጨርስ በደብተሬ ላይ እንዲህ የሚል ነበር፤

ከላይ የተጻፈው ቢኖርም፣ ኩባንያው ቤቱን ለሥራው ሲፈልግ እንድትወጣ ሊያደርጋት ይችላል። ከሠላሳ ቀን በፊት በጽሑፍ ይነግራታል። ስትወጣ ኩባንያውን ምንም ነገር አትጠይቅም። ነገር ግን እሷ ወይም ባሏ በራሳቸው ወጪ የሠሩትን ነቅላ መውሰድ ትችላለች። ይህን የምትወስደው በሠላሳው ቀን ውስጥ በጽሑፍ ከጠየቀች ነው። ካልጠየቀች ለኩባንያው ይቀራል።

የመጽሐፌን ገበሬና ገበያ ያህል ቀላል ነበር። ከሁሉ ይልቅ ያሳፈረኝ ይህ ነው። ለካ የከለከለኝ እንግሊዝኛው አልነበረም።

ቀጥሎ ያነበብኩት አራተኛውን ነው፤ ደጋግሜ። ነቅላ መውሰድ ትችላለች። ቆርቆሮው፣ በሩ፣ የወለሉ ድንጋይ ሳይቀር። በሠላሳው ቀን ውስጥ ከጠየቀች። ግን እሷ የምትጠይቀው ቤቱን ነው፤ ቤቱ ደግሞ አይገኝም። እኔ ዝም ባልኩ ቁጥር ባሏ በሁለት ዓመት ዓርብ የሠራት ክፍል ወደ ኩባንያው እየሄደች ነው። አሥራ ሁለት ቀን ቀርቶ ነበር።

በማግሥቱ ቀፊራ ሄድኩ፤ ልነግራት። ወተት ሻጮቹ በተርታ ተቀምጠዋል። ገና ሳልቀርብ አንዷ አየችኝ።

«ይቺውት! የእንግሊዝ አፍ መጣች!»

«አቦ፣ ቦታ ልቀቁላት!» አለች ሌላዋ። «እሷ ባትኖር ኩባንያው ወረቀቱ ላይ የሌለ ነገር አለ ብሎ ይቀልድባት ነበር!»

ኤዶ እጄን ይዛ ከጎኗ አስቀመጠችኝ። ለሴቶቹ ስለ እኔ ነገረቻቸው፤ ፊደል በፊደል እንዳነበብኩላት፣ ሰላምታውን ሳይቀር እንዳልዘለልኩ። በደንብ በታጠነች ብርጭቆ ሙሉ ወተት ሰጠችኝ። ልናገር አፌን ከፈትኩ፤ ጠጣሁበት። አመስግኜ ተመለስኩ። በዚያች መንገድ ላይ ለራሴ የተናገርኩትን ስድብ እዚህ አልጽፈውም።

ስድስት ቀን ሲቀር ማንንም ሳላይ የምናገርበት መንገድ ያገኘሁ መሰለኝ። የደብተሩን ቅጠል ቀደድኩና ከሥሩ ጨመርኩበት፤ «ይህ ሰላምታ አይደለም። ያን ቀን አልገባኝም ነበር። አላውቅም ማለት አፍሬ ነው።» መናኸሪያው አጠገብ መኪናውን ሲያጥብ ላገኘሁት ለባሏ ወንድም እጁ ላይ አደረግሁለትና ልሄድ ዞርኩ።

«ቆይ፣ ምንድነው ይሄ?»

«ያንብቡት፣ አዴር።» አጎቴ ማለት ነው።

«እኔ? እኔ የማነበው መንገድ ነው» አለ። «ፊደል አላውቅም። አንቺ አንብቢልኝ።»

ለካ ሦስት ቋንቋ የሚናገረው ሰው አንዱንም አያነብም፤ ይህንንም ውሃ እንደሚጠይቅ ሰው ቀለል አድርጎ ነገረኝ። ከመኪናው ጎማ አጠገብ ቆሜ የመጀመሪያዎቹን ሁለት መስመር አነበብኩለት። እጁን አነሣ።

«በቃ። ለእኔ ብቻ አይሆንም። በምስክር ፊት የተነበበ በዚያው ምስክር ፊት ነው የሚታረመው። ነይ።»

ያነበብኩት እዚያችው ክፍል ውስጥ ነው። አረንጓዴው በር ተከፍቷል፤ ሁለቱ ሽማግሌዎች ሰሌን ላይ ተቀምጠዋል፤ ኤዶ ግድግዳውን ተደግፋለች። የወለሉ ድንጋይ ከጫማዬ በታች ይቀዘቅዛል። ስድስቱን ዓረፍተ ነገር አንድ በአንድ አነበብኩ። አጭር ስለሆኑ የባሏ ወንድም ወደ ሶማሊኛ ሲመልሳቸው አልተቸገረም፤ አንዱንም አላስደገመኝም። ከሥር የጨመርኩትንም አነበብኩ። ድምፄ እየጠፋ ስለነበር ያን ሁለት ጊዜ አስነበቡኝ።

መጀመሪያ የተናገረው እሱ ነው። «ወረቀት የማያውቅ ሰው አላውቅም ይላል! እኔ መንዳት ባልችል መሪ እይዛለሁ? ሰው ጭኜ ገደል እገባለሁ?»

ባለ ሂናው ሽማግሌ ጢማቸውን ያዙ። «እኔ እንግዲህ» አሉ፣ «ያን ቀን ሰላምታ የመለስኩት ለማን ነው?»

ማንም አልሳቀም። እሳቸውም ለማሳቅ አላሉትም።

ኤዶ እኔን አላየችም። «ደብዳቤው የመጣ ቀን» አለች በአማርኛ፣ ቀስ ብላ፣ «ያን ቀን ታውቂ ነበር?»

ሌላ ሁሉ ጥያቄ ቢመጣ ይሻለኝ ነበር። የመጀመሪያውን ይቅር ልትለኝ ተዘጋጅታ እንደነበር ከድምፅዋ ገባኝ። ስለ ሁለተኛው ነው የጠየቀችኝ።

«አዎ፣ ኤዶ» አልኩ።

ፊቷን ወደ በሩ መለሰች።

«ስንት ቀን ቀረ?»

«ስድስት።»

«ሀዬ» አለች። እሺ ማለት ነው። «ጻፉልኝ።»

ጋሼ ነገሩን ስነግራቸው መነጽራቸውን አወለቁ። «ገለባ ነው ያልኩሽ የእኔን ነው!» አሉ። «የሰው ገለባ መች ፈትሼ አውቃለሁ!» ከዚያ ራሳቸውን ያዙ። የጻፉት ማመልከቻ፣ ያ የሚያምረው፣ ሐሰት ሆኖ ችሎት ላይ ተቀምጧል፤ እሱንም ማንሣት ነበረባቸው። ለኩባንያው አዲስ ወረቀት አውጥተው እንደ ልማዳቸው ክብሩን ጀመሩ። ግማሽ ገጽ ሲደርሱ፣ በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ ትልቅ ሰው አቋረጥኩ።

«ጋሼ፣ ዛሬ ላይኛው ይቅር። ታችኛውም።»

«ራቁቱን ልላከው?»

«ራቁቱን።»

አኩርፈው ጻፉ። ሦስት መስመር ሆነ። ባሌ በራሱ ወጪ የሠራውን ክፍል በውሉ የመጨረሻ አንቀጽ መሠረት ነቅዬ እንድወስድ እጠይቃለሁ፤ ቆርቆሮውን፣ እንጨቱን፣ በሩንና የወለሉን ድንጋይ። እኔ ወደ እንግሊዝኛ መለስኩት፤ መምህሬ አንድ ስህተት አረመልኝ። ኩባንያው በሁለተኛው ቀን «ይቻላል» ብሎ መለሰ። ጋሼ መልሱን ገለበጡት፣ ወደ ብርሃን አነሡት። «ያለ ክብር ጠይቀናቸው!» አሉ፤ ቅር ያላቸው ይመስላል።

ክፍሉ የፈረሰ ቀን ማንም አልጠራኝም፤ ሄድኩ። የባሏ ወንድም ጣሪያው ላይ ወጥቶ ቆርቆሮውን ያወርዳል፤ ከከተማው ወጣ ብሎ መልካ ጀብዱ ካለው ከእሱ መሬት ጠርዝ ላይ ሊተክሉላት ነው። በሩ ወልቆ ጋሪ ላይ ተጋድሟል፤ ተጋድሞ ሳየው ትንሽ ነው። ከቤቱ ወተቷን ይዛ በእግሯ ቀፊራ ትደርስ ነበር። ከእንግዲህ በየንጋቱ መኪና መጠበቅ አለባት። እኔ ባልሳሳትም ኩባንያው ያስወጣት ነበር፤ መምህሬ እንደዚያ ብሎኛል። ግን ባልሳሳት ኖሮ አውራ ጣቷን ከማተሟ በፊት ታውቀው ነበር፤ ሽማግሌዎቹም ሄደው ያነጋግሩላት ነበር፤ ሰባት ወር ደግሞ ረጅም ነው።

ኤዶ አንድ ቆርቆሮ ጣሳ አመጣችልኝ። በውስጡ የተነቀሉ ምስማሮች ናቸው፤ ሁሉም የተጣመሙ። ከጎኔ አስቀምጣው ሄደች። ድንጋይ ላይ እያደረግሁ በድንጋይ እየቀጠቀጥኩ አቃናኋቸው። ከጠዋት እስከ ዐሥር ሰዓት ድረስ ሌላ ሥራ አልሠራሁም። ጣቴን ደጋግሜ መታሁት። ጋሪው ሲነሣ ጣሳውን ተቀበለችኝና አንድ ምስማር አውጥታ ወደ ዓይኗ አቅርባ አየችው። ቀጥ ብሎ ነበር። መልሳ ከተተችው።

ይህ ከሆነ ሁለት ዓመት ሊሞላው ነው። አሁን የእንግሊዝኛ ወረቀት ሲመጣልኝ እርሳስ እይዛለሁ፤ ቆራርጬ፣ በአጭር አማርኛ በደብተር ላይ ጽፌ፣ ከዚያ ነው የማነብለት። ብዙ ጊዜ «ይህን አላውቀውም፤ ነገ ይምጡ» እላለሁ። በተናገርኩት ቁጥር ጆሮዬ ይግላል፤ አልለቀቀኝም። አንዳንዱ ባለጉዳይ «አታውቅም ማለት ነው» ብሎ ወረቀቱን ይዞ ሌላ ቦታ ይሄዳል። ይሂድ።

ኤዶን ቀፊራ አገኛታለሁ። ሰላም ትለኛለች፤ እመልሳለሁ። ብርጭቆ ግን አታነሣልኝም፤ እኔም ከፍዬ ነው የምገዛት። እንደዚህ እንደሚቀር ተቀብዬ ነበር።

ባለፈው ሳምንት ጠረጴዛችን ድረስ መጣች። ከኋላዋ ከመልካ ጀብዱ የመጣች አንዲት ጎረቤቷ አለች፤ ባሏ በአንድ የውጭ አገር ሰው እርሻ ላይ ሊቀጠር ነው፣ ወረቀት ሰጥተውታል። ባለ ሂናው ሽማግሌና አንድ ሌላ ሰው ለምስክርነት አብረው መጥተዋል። ወንበሬን አዞርኩና ፊቴን ሰጥቻቸው ተቀመጥኩ። ወረቀቱን ዘረጋሁ፤ ጣቴን በልማድ የመጀመሪያው መስመር ላይ አደረግሁ።

ኤዶ ጎንበስ አለች፤ ጣቴን ይዛ ወደ ገጹ መጨረሻ አወረደችው።

«ከታች ጀምሪ» አለችኝ።